ፍቅር አድራሻ አለው፦ ከምኒልክ አደባባይ እስከ ሀገር ፍቅር በር

(በአራዳ የእግር ጉዟችን መነሻ ላይ ለተሰበሰቡ ወጣቶች የተደረገ ንግግር። መምጣት ላልቻላችሁ ሙሉውን ጽሑፍ እነሆ።)

  

ዛሬ የወጣነው ለሰልፍ አይደለም። መፈክር አልያዝንም፣ ድምፅ ማጉያም የለንም። የዛሬው ሥራችን ቀላል ይመስላል፤ በእግራችን እንሄዳለን፣ እናያለን፣ እንጠይቃለን። ሁለት ሰዓት ያህል ቢፈጅ ነው። ከመነሳታችን በፊት ግን ለምን እንደምንሄድ ልንገራችሁ፣ ከዚያ ማረፊያዎቻችንን አንድ በአንድ አስተዋውቃችኋለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሁላችንም ሀገር እንወዳለን እንላለን። ባንዲራው ፕሮፋይላችን ላይ አለ። የካቲት 23 ሲመጣ ሁላችንም ነጭ ለብሰን አርበኛ ነን። ጥሩ ነው፣ አልጠላሁትም። ግን እኮ ፍቅር አድራሻ አለው። አንድ ልጅ እናቴን እወዳለሁ እያለ፣ እናትህ የት ተወለደች፣ በልጅነቷ ምን አየች ሲባል ዝም ካለ፣ ፍቅሩ ውሸት ነው ባይባልም ገና ጥሬ ነው። የሀገርም ፍቅር እንደዚሁ ነው።

በ2016 ዓ.ም. የዚህ ሰፈር ትልቅ ክፍል ሲፈርስ ምን እንደሆነ አስታውሱ። ማኅበራዊ ሚዲያው በፎቶ ተጥለቀለቀ። «ወይኔ ፒያሳ» የማይል አልነበረም። ከፎቶው ሥር ግን ይህ ቤት መቼ ተሠራ፣ ማን ሠራው፣ ማን ኖረበት፣ ምን ተዘፈነበት የሚል ጽሑፍ ማግኘት ብርቅ ነበር። ስሙን የማታውቀው ነገር ሲሄድ ልታዝን ትችላለህ፤ ልትከራከርለት ግን አትችልም። «ይኼ ቤት ለምን ይቀራል?» ሲሉህ «ያምራል» ብለህ ብቻ አትረታም። መዝገብ ላይ የሌለ፣ ታሪኩ ያልተጻፈ ቤት ጠበቃ የለውም። የዛሬው ጉዞ ለዚህ ነው። የቀረውን በስም እንድንጠራው፣ የሄደውንም ሳይረሳ እንድንጽፈው።

ሦስት ደንብ አለን። አንደኛ፣ የተጻፈውንና የተረጋገጠውን «ነው» እንላለን፤ ሲወራ የሰማነውን «ይባላል» እንላለን። ሁለቱን አናደባልቅም። እኛ ሀገር ወዳዶች ነን ባዮች አንዱ ድካማችን ማጋነን ነው። ታሪካችን ያለ ማጋነንም ይበቃል፣ ታያላችሁ። ሁለተኛ፣ የምንሄደው በሰው ደጃፍ ነው። ሳናስፈቅድ ፎቶ አናነሳም፣ መንገድ አንዘጋም፣ ሻይ ጠጥተን ሂሳብ እንከፍላለን። ሦስተኛ፣ መንገድ ላይ አንድ አባት ወይም አንዲት እናት «ይሄ እንዲህ አልነበረም» ካሉን ዝም ብለን እናዳምጣለን። አባባ ሲናገሩ ስልክ ላይ ማፍጠጥ የለም።

እሺ፣ አሁን ወደ ማረፊያዎቹ።

አንደኛው እዚሁ የቆምንበት ነው፣ ምኒልክ አደባባይ። ይህ ሐውልት የተመረቀው በጥቅምት 1923 ዓ.ም.፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የንግሥ በዓል ዋዜማ ነው። ስድስት ዓመት ሳይሞላው ጠላት ከተማዋን ያዘ። ፋሺስቶቹ አዲስ አበባ ከገቡ በኋላ ሐውልቱን በሌሊት ነቅለው ቀበሩት። እስቲ አስቡት፤ አውሮፕላን ያለው፣ ታንክ ያለው፣ የመርዝ ጋዝ ያዘነበ ሠራዊት አንድ የነሐስ ፈረስ ለምን ይፈራል? የፈራው ፈረሱን አይደለም፣ ትዝታውን ነው። ዓድዋን የሚያስታውስ ሕዝብ ለመግዛት እንደሚያስቸግር ገብቶታል። ከነፃነት በኋላ ሐውልቱ ወጥቶ ወደ ቦታው ተመለሰ። ዛሬ አጠገቡ በየካቲት 2016 ዓ.ም. የተመረቀው የዓድዋ ድል መታሰቢያ አለ። አዲሱንም አሮጌውንም እዩ፤ አሮጌው የተቀበረ፣ ተቆፍሮም የወጣ መሆኑን ግን አትርሱ።

ሁለተኛው ከኋላችን ያለው የቅዱስ ጊዮርጊስ ካቴድራል ነው። ስምንት ማዕዘን ያለው ሕንፃ ነው፣ የዓድዋ ድል መታሰቢያ ሆኖ የተሠራ። የጊዮርጊስ ታቦት ዓድዋ መዝመቱን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ብዙ ሰው የማያውቀው ግን ይህን የድል ቤተ ክርስቲያን የነደፈው ሴባስቲያኖ ካስታኛ የሚባል ጣሊያናዊ መሐንዲስ መሆኑን ነው። አያቶቻችን ያሸነፉትን ሕዝብ ልጅ ቀጥረው የድላቸውን መታሰቢያ አሠሩት። በራስ መተማመን ማለት እንዲህ ነው። ንግሥት ዘውዲቱ በ1909 ዓ.ም.፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴም ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ዘውድ የጫኑት እዚሁ ነው። በየካቲት 1929 ዓ.ም.፣ በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተወረወረ በኋላ ከተማዋ ስትታረድ፣ ይህ ቤተ ክርስቲያንም በእሳት ተለኮሰ። ውስጡ ስንገባ ቀና ብላችሁ መስኮቶቹንና ሥዕሎቹን ተመልከቱ። የአፈወርቅ ተክሌ እጅ አለበት። የአንኮበሩ ልጅ፣ የአፍሪካ አዳራሽን ትልቅ የመስታወት ሥዕል የሠራው ያው ሰው። ነጠላ ያልያዛችሁ ከጓደኛ ተዋሱ፤ ጫማ ማውለቅ እንዳይረሳ።

ሦስተኛው አቡነ ጴጥሮስ ናቸው። ከዚህ ወደ መርካቶ አቅጣጫ ትንሽ ወረድ ብለን እናገኛቸዋለን። ፋሺስቶቹ አርበኞችን አውግዝ አሏቸው፣ አሻፈረኝ አሉ። ሐምሌ 22 ቀን 1928 ዓ.ም. በጥይት ተደብድበው ተገደሉ። ጸጋዬ ገብረ መድኅን «ጴጥሮስ ያቺን ሰዓት» በሚለው ቴአትሩ ያቺን ሰዓት መድረክ ላይ አምጥቷታል። ይህም ሐውልት የራሱ ስደት አለው። በ2005 ዓ.ም. ለባቡር ሥራ ተነስቶ በ2008 ዓ.ም. ተመልሷል። ያኔ ይመለሳል፣ አይመለስም የሚል ስንት ጭቅጭቅ ነበር! ሕዝቡ ስለጠየቀ፣ ስሙን ስለሚያውቀው፣ ቀኑን ስለቆጠረ ዝም ተብሎ አልቀረም። ልብ በሉ፤ ጴጥሮስን ሁሉም ሰው በስም ያውቃቸዋል። በ2016 የፈረሱት ቤቶች ግን ስንቶቹ ስም ነበራቸው?

ከዚያ ተመልሰን፣ ማዘጋጃ ቤቱን በጎን ትተን ወደ መሀል ፒያሳ እንሄዳለን። መንገድ ላይ ስለ ስሙ እንጨዋወት። የዚህ ሰፈር የጥንት ስሙ አራዳ ነው። የከተማዋ ትልቁ ገበያ እዚህ ነበር። ገበያ ባለበት ወሬ አለ፣ ብልጠት አለ፣ አዲስ ልብስ አለ። ለዚህ ነው እስከ ዛሬ ንቁ የሆነውን፣ የገባውን ልጅ «አራዳ» የምንለው። ጣሊያን ሲገባ ከተማዋን ለነጭና ለጥቁር ከፋፈላት፤ ገበያውን አስነስቶ ለሀገሬው ሰው ወደ ምዕራብ ሌላ ቦታ ሰጠው። ያ ነው መርካቶ። ፒያሳ ማለት አደባባይ፣ መርካቶ ማለት ገበያ ነው፣ ሁለቱም ጣሊያንኛ። አንዳንድ ወንድሞች «እነዚህን ስሞች እንፋቃቸው» ይላሉ። እኔ በዚህ አልስማማም። ለጥቁር ብሎ የለየው ገበያ የሀገሪቱ የንግድ ልብ ሆነ። ለነጭ ብሎ የለየው አደባባይ የአራዳ ልጆች መፈንጫ ሆነ። ስሙ ይቆይ፤ ከስሙ ጋር ግን ታሪኩም ይነገር። ስሙን ፍቀን ታሪኩን ካላስተማርን ምን አተረፍን?

አራተኛው ማረፊያ ጣይቱ ሆቴል ነው። የአዲስ አበባ የመጀመሪያው ሆቴል፣ በ1898 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ ያሠሩት። ከተማዋን «አዲስ አበባ» ያሏትም እሳቸው ናቸው። ያኔ ሰው ምግብ በገንዘብ ገዝቶ መብላት ነውር ስለመሰለው ገበያ ጠፍቶ፣ ምኒልክ ራሳቸው መኳንንቱን ይዘው መጥተው አስለመዱት ይባላል። «ይባላል» ማለቴን ልብ በሉ፣ ደንባችን ነው። የተረጋገጠው ግን ሕንፃው ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል፣ የእንጨት ወለሉና ደረጃው ዛሬም ሰው ይረግጠዋል። በጥር 2007 ዓ.ም. እሳት ተነስቶበት ብዙ ጎድቶታል። የጃዝ ሙዚቃ ይቀርብበት የነበረው ጃዝአምባም በዚያ ቀን አብሮ ተቃጠለ። ሆቴሉ ታድሶ ቀጠለ። እዚያ ቡና እንጠጣለን። ቱሪስቶች ታገኛላችሁ፤ አንዳንዱ መጽሐፉን ይዞ ከእኛ የበለጠ ያውቃል። እሱን አይተን መቅናት አለብን፣ ጥሩ ቅናት።

አምስተኛው ማረፊያ የጥበቡ ሰፈር ነው፣ ሲኒማዎቹ፣ ሙዚቃ ቤቶቹ፣ የምሽት ቤቶቹ የነበሩበት። ሲኒማ መጀመሪያ እዚህ ሀገር ሲመጣ ሕዝቡ ቤቱን «ሰይጣን ቤት» አለው፣ በቴዎድሮስ አደባባይ አካባቢ። ግድግዳ ላይ ሰው ሲሮጥ ያየ ሰው ሌላ ምን ይበል! ከጊዜ በኋላ ግን የዚያው ሕዝብ ልጆች ሲኒማ ኢትዮጵያና ሲኒማ አምፒር በር ላይ ተሰልፈው ቲኬት ይሻሙ ነበር። የማሕሙድ አሕመድ ሙዚቃ ቤት እዚሁ ፒያሳ ነበር፤ ሞባይል ባልነበረበት ዘመን ስንቱ ፍቅረኛ «ማሕሙድ ጋ» ተባብሎ ተቃጥሯል። ቶሞካ ቡና ከ70 ዓመት በላይ እዚሁ ሲቆላ ኖሯል፤ መንገዱን በአፍንጫችሁ ታገኙታላችሁ። ወረድ ስንል ውቤ በረሃ ነው፣ በደጃዝማች ውቤ ስም የተጠራው። ሌሊቱን ሙሉ መብራቱ የማይጠፋ ሰፈር ነበር። ስብሐት ገብረ እግዚአብሔር «ሌቱም አይነጋልኝ» ብሎ የጻፈለት ሰፈር ነው። መጽሐፉን የሚወደውም የሚጠላውም አለ፤ ግን አንድ ደራሲ አንድን ሰፈር ከነላቡ፣ ከነጠረኑ በወረቀት ካስቀመጠው ግሬደር አያጠፋውም።

እዚህ ላይ ትንሽ መራር ነገር ልናገር። ዶሮ ማነቂያ የሚባል ሰፈር ነበር። እሪ በከንቱ የሚባል ሰፈር አለ፤ ስሙን ስሙት፣ ጮኸህ የሚደርስልህ የለም ማለት ነው። ሠራተኛ ሰፈር አለ፣ የእጅ ባለሙያዎች የሰፈሩበት። እነዚህ ስሞች ራሳቸው መጽሐፍ ናቸው። ዶሮ ማነቂያ በ2016 ፈርሷል። ነዋሪው ወደ ከተማዋ ዳርና ዳር ተበትኗል። ወዳጆቼ፣ እውነቱን እንናገር ካልን ሁለቱንም ወገን እንናገር። ከእነዚያ ቤቶች ብዙዎቹ በ1967 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 47 ተወርሰው የቀበሌ የሆኑ ናቸው። ለአሥርት ዓመታት ኪራዩ ጥቂት ብር፣ ጥገናው ዜሮ። ጣሪያው ያፈሳል፣ አንድ ሽንት ቤት ለብዙ አባወራ ነው። እዚያ ያልኖረ ሰው «ድሮ እንዴት ያምር ነበር» ሊል ይቀለዋል። እዚያ የኖረች እናት ግን የራሷ ውኃ ያላት ቤት ብትፈልግ ሀገር አልከዳችም። የሚያንገበግበው ሌላ ነው። ቤት ይታደሳል፣ ሰው ግን ከጎረቤቱ፣ ከዕድሩ፣ ከዕቁቡ ሲነቀል በቀላሉ አይበቅልም። የሰፈሩ ታሪክ ደግሞ በግድግዳው ብቻ ሳይሆን በእነዚያ እናቶች አንደበት ነበር። ግድግዳው ሄዷል። እናቶቹ ግን በሕይወት አሉ፣ ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ ተቀምጠው የሚጠይቃቸው ሰው ይጠብቃሉ። የእኛ ሥራ እዚያ ነው። ስድስት ወር የሞላው የፌስቡክ ጭቅጭቅ ከአንዲት እናት የአንድ ሰዓት ወግ አይበልጥም።

ስድስተኛው ማረፊያ የአርመን ቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ነው። «ለምን አርመን?» የሚል ካለ ጥሩ ጥያቄ ነው። በ1916 ዓ.ም. አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ኢየሩሳሌም ሄደው፣ ከእልቂት የተረፉ 40 የአርመን ወላጅ አልባ ልጆችን አይተው ወደዚህ አመጧቸው። የነፋስ መሣሪያ ኦርኬስትራ ሆኑ። «አርባ ልጆች» ይባላሉ። አስተማሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ነበር። የንጉሠ ነገሥቱን ዘመን ብሔራዊ መዝሙር ዜማ የደረሰው እሱ ነው፤ ግጥሙን የጻፈው ደግሞ የጎጃሙ ዮፍታሔ ንጉሤ። እስቲ ቆም በሉና ይህን አስቡ። ሀገር አልባ የሆነ ሰው ለሀገራችን መዝሙር ሠራ። ሕንድ ነጋዴው፣ ግሪኩ፣ አርመኑ አናጺና ግንበኛ በአራዳ ሠርተዋል፣ ከእኛ ግንበኞች ጋር። ጉራጌው፣ ኦሮሞው፣ አማራው፣ ትግሬው፣ ዶርዜው እዚህ ነግዷል፣ ሸምኗል፣ ዘፍኗል። አራዳ የአንድ ሰው ርስት ሆና አታውቅም። ሀገር መውደድ ማለት በር መዝጋት የሚመስለው ካለ፣ ይህን ቤተ ክርስቲያን እያየ ያስብበት።

የመጨረሻው ማረፊያችን ሀገር ፍቅር ቴአትር ነው። ሆን ብዬ መጨረሻ ላይ አድርጌዋለሁ። በ1927 ዓ.ም. ጣሊያን ጦሩን በድንበር ሲያከማች፣ መኰንን ሀብተ ወልድ የሀገር ፍቅር ማኅበርን መሠረቱ። ዓላማው ግልጽ ነበር፣ ሊመጣ ላለው ወረራ ሕዝቡን ማንቃት። በምን? በንግግር፣ በግጥም፣ በሙዚቃ፣ በቴአትር። ጠላት ሲመጣ ጠመንጃ የሚያስፈልግ መሆኑን ያውቁ ነበር፤ ግን የሚሟገትለትን ነገር የማያውቅ ሰው ጠመንጃ ቢይዝም እንደማይቆም ገብቷቸዋል። ከነፃነት በኋላ ይኸው ቤት የሀገሪቱ የመድረክ ጥበብ ትምህርት ቤት ሆነ። ጥላሁን ገሠሠ በልጅነቱ መድረክ የረገጠው እዚህ ነው። ስንቱ ድምፃዊ፣ ተወዛዋዥ፣ ተዋናይ በዚህ በር ገባ።

ስሙን እንደገና ስሙት፤ ሀገር ፍቅር። ለእኛ ይህ ቃል መፈክር ነው። ለእነሱ ግን የሥራ ቦታ ስም ነበር። ጠዋት የሚገባበት፣ ልምምድ የሚደረግበት፣ ማታ ሕዝብ ፊት የሚቀረብበት። የሀገር ፍቅር በር አለው፣ ወንበር አለው፣ የሥራ ሰዓት አለው። እኔ ለእናንተ ይዤ የመጣሁት ነገር ይኸው ነው።

እንግዲህ ሥራው ምንድን ነው? ከዚህ ከተመለሳችሁ በኋላ እያንዳንዳችሁ አንድ ቤት፣ አንድ ጎዳና፣ አንድ ሰፈር ያዙ። አዲስ አበባ መሆን የለበትም። ጎንደር ያለኸው ጎንደርን፣ ሐረር ያለሽው ጀጎልን፣ ድሬዳዋ፣ ጅማ፣ መቀሌ፣ ደሴ፣ ያላችሁበትን። መቼ እንደተሠራ ጠይቁ፣ ማን እንደኖረበት ጻፉ። ሦስት ታላላቅ ሰዎችን በድምፅ ቅረጹ፣ አስፈቅዳችሁ። የተጻፈውን ከተወራው ለዩ። ከዚያ አሥር ሰው ሰብስባችሁ አዙሩ፣ ልክ እንደ ዛሬው። በሰፈራችሁ ያለው ቤት ለቅርስነት መመዝገብ የሚገባው ከሆነ ደግሞ ማስረጃውን ይዛችሁ የባሕል ቢሮውን በር አንኳኩ። የቅርስ አዋጅ አለ፣ ቁጥር 209/1992 ነው፣ አንብቡት። በስሜት የሚጮህ ወጣት ብዙ ነው። ፋይል ይዞ የሚቀርብ ወጣት ግን ያስፈራል፣ ያስከብራልም።

ሌላም ነገር አለ። ከመካከላችን ስንቶቻችን ነን ዲግሪ ይዘን ቤት የተቀመጥን? ታሪክ፣ ቋንቋ፣ ሥነ ጥበብ፣ አርክቴክቸር፣ ቱሪዝም የተማርን። ማስታወቂያ ሰሌዳ ሥር ቆመን «የሥራ ልምድ ሁለት ዓመት» የሚለውን እያነበብን የምንመለስ። ሰው ማስጎብኘት ሥራ ነው። ፈቃድ ይጠይቃል፣ ዕውቀት ይጠይቃል፣ ቋንቋ ይጠይቃል፤ ሁሉም የሚገኝ ነው። ዛሬ በነፃ እንሄዳለን። ነገ ይህ እንጀራ ሊሆን ይችላል። ባይሆንም እንኳ ሰፈሩን የሚያውቅ ሰው በሰፈሩ እንግዳ አይሆንም።

ባሕር ማዶ ያላችሁ ወገኖች ደግሞ አንድ አደራ አለኝ። በአባቶቻችሁ አልበም ውስጥ የድሮ አራዳ ፎቶ አለ። ሲኒማ በር ላይ በሱፍ የተነሱት፣ ጊዮርጊስ ደጃፍ ላይ በሠርግ ልብስ። ከፎቶው ጀርባ ቀኑንና የሰዎቹን ስም አባባና እማማ በሕይወት ሳሉ ጻፉበት። ከዚያ ፎቶውን አንስታችሁ ላኩልን። በዚያ ፎቶ ጥግ ላይ የሚታየው ሕንፃ ዛሬ የለም ይሆናል። የመጨረሻው ማስረጃ የእናንተ ሳሎን ውስጥ ሊሆን ይችላል።

በቃ፣ ብዙ አወራሁ። ጫማችሁን ጠበቅ አድርጉ። ታናናሾቻችን መሀል ይሁኑ፣ ጠንከር ያላችሁ ከኋላ ሁኑ፣ ማንም እንዳይቀር። መጀመሪያ ወደ ጊዮርጊስ እንገባለን፤ ከዚያ የሚገናኘን ሰው ሁሉ መምህራችን ነው።

ክብር ለአባቶቻችንና ለእናቶቻችን! ኢትዮጵያ ለዘላለም ትኑር!

እንሂድ።